ከሰው ፍላሽ የተሰበሰበ ዘፈን ሲበታተን፣ ሲበላሽና ሲጠፋ፦ ችግርና መፍትሄ

ድሬ ዳዋ፣ ከዚራ ሰፈር ላይ ፍላሽና ሜሞሪ ስሞላ፣ የሰው የዘፈን ክምችት ሳስተካክል ዓመታት አልፈዋል። የሚመጣልኝ ዕቃ ብዙ ጊዜ አንድ ዓይነት ነው፦ ከጓደኛ፣ ከቴሌግራም፣ ከውጭ አገር ዘመድ፣ ካሴት ወደ ኮምፒውተር ከገለበጠ ሰው በትንሽ በትንሹ የተለቃቀመ፣ አሥር ዓመት የተጠራቀመ ፋይል። እዚህ የምጽፈው ደጋግሜ ያየሁትን ነው። ስፒከሩ መሰካቱን፣ ዲስኩ አለመሙላቱን፣ ሌላ ዘፈን በደንብ መጫወቱን አይታችኋል ብዬ እነሳለሁ። ደግሞም የምናገረው ከገበያ ስለጠፋ አሮጌ ሙዚቃ ነው። እየተሸጠ ያለ አልበም ግዙት፤ የቅጅና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 የወጣው ለዘፋኙ እንጀራ ነው።

ምንም ከመንካታችሁ በፊት ክምችቱን ሙሉ በሙሉ ሌላ ዲስክ ላይ ኮፒ አድርጉ። «ካት» አድርጋችሁ አታዛውሩ። መሃል ላይ መብራት ከሄደ ከሁለቱም ወገን ልታጡ ትችላላችሁ።

የተጨመቀው ፋይል አይፈታም

ራር ፋይሉ በክፍል የተቆራረጠ ከሆነ ሁሉም ክፍል አንድ ፎልደር ውስጥ፣ ስሙ ሳይቀየር መቀመጥ አለበት። የሚፈታው የመጀመሪያው ብቻ ነው፤ ሌሎቹን ራሱ ይጠራቸዋል። «ሲአርሲ» የሚል ስህተት ካወጣ አንዱ ክፍል ሲወርድ ተቆርጧል ማለት ነው። የክፍሎቹን መጠን አስተያዩ፤ ከመጨረሻው በስተቀር ሁሉም እኩል መሆን አለባቸው። ያነሰውን ብቻ ደግማችሁ አውርዱ እንጂ ሁሉንም ከዜሮ አትጀምሩ፣ ካርዳችሁን ትጨርሳላችሁ።

የዘፈን መጠን በጭንቅላታችሁ ይኑር። የ5 ደቂቃ ዘፈን በሴኮንድ 128 ኪሎቢት በሆነ ጥራት 5 ሜጋ ገደማ፣ በ320 ደግሞ 12 ሜጋ ገደማ ነው። 700 ኪሎባይት ሆኖ «ሙሉ አልበም» የሚል ነገር ዘፈን አይደለም፤ ቫይረስ ነው። ዊንዶውስ የፋይል ስም ጭራን ስለሚደብቅ የዘፈን ምልክት ለጥፎ ያታልላችኋል። ጭራው እንዲታይ አድርጉ፤ መጨረሻው «ኤግዚ» ከሆነ እንዳትከፍቱት።

ፎልደሮቹ ሁሉ ሾርትከት ሆኑ

ዘፈኑ እዚያው ፍላሹ ላይ ተደብቆ አለ። ሾርትከቱን አትንኩ፣ ፎርማትም አታድርጉ። የተደበቁና የሲስተም ፋይሎች እንዲታዩ አድርጉና ዘፈኑን ብቻ ወደ ኮምፒውተር ኮፒ አድርጉ፤ ከዚያ በኋላ ፍላሹን አጽዱ። ስንት ሰው ደንግጦ ፎርማት አድርጎ የአባቱን ዘፈን እንዳጠፋ ስለማውቅ ነው አጥብቄ የምለው።

አንድ ዘፋኝ ስድስት ቦታ ይወጣል

የዘወትር ሥራዬ ይሄ ነው። ሰው «ዘፈኖቼ ጠፉ» ብሎ ይመጣል፤ ዘፈኖቹ ግን አሉ። አንድ ጊዜ ከሐረር አንድ ወንድም ሃርድ ዲስክ ይዞ መጣ። የማሕሙድ አሕመድን ሥራ ከወጣትነቱ ጀምሮ ሲሰበስብ ኖሯል፤ ስልኩ ላይ ግን አሥራ ሁለት ዘፈን ብቻ ነው የሚያሳየው። ከፍቼ ፋይሎቹ ውስጥ የተጻፈውን የዘፋኝ ስም፣ ታግ የሚባለውን፣ ሳየው «ማሕሙድ አሕመድ» አለ፣ «ማህሙድ አህመድ» አለ፣ «መሐሙድ አህመድ» አለ፣ «መሀሙድ አሕመድ» አለ፤ በላቲን ፊደል የተጻፈው ደግሞ ለብቻው ሦስት ዓይነት ነው። አንደኛው ላይ አጻጻፉ ትክክል ሆኖ ከስሙ ኋላ አንድ ባዶ ቦታ ተጨምሯል፤ ለዓይን አይታይም፣ ለማሽኑ ግን ሌላ ሰው ነው። ሰውየው አጠገቤ ተቀምጦ እያንዳንዱን ሲያየው፣ «እኔ እኮ ሁለት ጊዜ ከሰው ለመንኩት ይሄን ዘፈን» አለ። ዘፈኑ ቤቱ ነበር።

መንስኤው ፊደላችን ነው። ለጆሯችን ሃሌታው ሀ፣ ሐመሩ ሐ እና ብዙኃኑ ኀ አንድ ድምፅ ናቸው። ኮምፒውተሩ ግን እያንዳንዳቸውን በተለየ ቁጥር ነው የሚያውቃቸው። እሳቱ ሰ እና ንጉሡ ሠ፣ አልፋው አ እና ዓይኑ ዐ፣ ጸሎቱ ጸ እና ፀሐዩ ፀም እንደዚያው። ጥላሁን ገሠሠ በንጉሡ ሠ ሲጻፍና በእሳቱ ሰ ሲጻፍ ሁለት ዘፋኝ ይሆናል። ሲደረደሩም ጎን ለጎን አይወጡም፤ አ ከኘ ቀጥሎ ሲመጣ ዐ ከወ በኋላ ነው። ስለዚህ «አሊ ቢራ» ብላችሁ ያስቀመጣችሁትና «ዓሊ ቢራ» የሚለው መሃላቸው ከ እና ወ ላይ የሚጀምሩ ዘፋኞች ሁሉ ይገቡበታል።

ድሬ ላይ ደግሞ ችግሩ እጥፍ ነው። አንድ ዘፋኝ በአማርኛ ፊደል፣ በቁቤ፣ በእንግሊዝኛ አጻጻፍ፣ አልፎ አልፎም በዓረብኛ ተጽፎ ይመጣል። የአሊ ቢራ ስም በቁቤ ሲጻፍ መጨረሻው ላይ ሁለት «ኤ» ፊደል አለው፣ በእንግሊዝኛ ልማድ አንድ። የኛው የድሬ ልጅ፣ ጥቅምት 27 ቀን 2015 ካረፈ በኋላ ሰው ሁሉ ዘፈኑን ከያለበት እያወጣ ሲለዋወጥ ይህ ዝብርቅርቅ ባሰበት። በዚያ ሰሞን የመጣልኝ ፍላሽ ሁሉ የእሱን ስም በሌላ በሌላ ዓይነት የጻፈ ነበር።

መፍትሄው ትዕግሥት ነው። እኔ ባለ 50 ሉክ ደብተር አለኝ፤ በግራ በኩል የወሰንኩትን አጻጻፍ፣ በቀኝ በኩል ያጋጠሙኝን ሁሉ እጽፋለሁ። አንድ ስም አንዴ ከተወሰነ አላነሳውም። የካሴቱ ሽፋን ካለ የሽፋኑን እወስዳለሁ፤ ሽፋኖቹ እርስ በርስ ከተለያዩ የቀደመውን። ለአማርኛ ዘፋኝ የአማርኛ ፊደል፣ ለኦሮምኛ ዘፋኝ ቁቤ፤ ሌላውን አጻጻፍ ማስታወሻው መስክ ላይ አስገባዋለሁ፣ በፍለጋ እንዲገኝ።

ከዚያ ኤምፒስሪታግ የሚባለውን ፕሮግራም ክፈቱ። ነጻ ነው። ሙሉውን ፎልደር ጎትታችሁ አስገቡና በዘፋኝ ስም ደርድሩ፤ የአንዱን ሰው ስም ዓይነቶች በሙሉ ምረጡ፣ ስሙን አንድ ጊዜ ጻፉ፣ ሴቭ አድርጉ። መቶ ፋይል በአንድ ጊዜ ይታረማል። ግን ስትመርጡ ዓይናችሁን ክፈቱ። አንድ ልጅ ሁሉንም ፋይል መርጦ ስለነበር አራት ሺህ ዘፈን ባንዴ የአንድ ዘፋኝ ሆነበት። ኮፒም አልነበረውም። ያንን ለማስተካከል ሁለት ሳምንት በጆሮ ሰማን።

ሌሎች የመበታተን ምክንያቶችም አሉ። ፈረንጅ የሠራቸው አንዳንድ ፕሮግራሞች የአባትን ስም የቤተሰብ ስም አድርገው «ገሠሠ፣ ጥላሁን» ብለው ይገለብጡታል፤ የመደርደሪያ ስም የሚለውን መስክ ባዶ አድርጉት፣ ይስተካከላል። አሥር ዘፋኝ ያለበት የስብስብ ካሴት አሥር አልበም ሆኖ ከተሰበረ ደግሞ «የአልበም ዘፋኝ» የሚለው መስክ አልተሞላም ማለት ነው፤ ለሁሉም «የተለያዩ ድምፃውያን» ብላችሁ አንድ ዓይነት አድርጉት። ዘፋኙ ቦታ ላይ የሙዚቃ ቤት ስልክ ቁጥርና የቴሌግራም ቻናል አድራሻ የሚጽፉ ሰዎች አሉ። ይህ በጣም ያናድደኛል። ሰው የዘፈነውን ሥራ፣ የዘፋኙን ስም አጥፍቶ የራስን ስልክ መጻፍ ምን ይባላል?

ስሙ አለ፣ ሰውየው ግን ሌላ ነው

ከመበታተን የሚብሰው ይሄ ነው፤ ምክንያቱም ምልክት የለውም። አፍራን ቀሎ የሚባለው የኦሮምኛ ሙዚቃ ቡድን በፈረንጆች 1960ዎቹ መጀመሪያ ድሬ ዳዋ ላይ ሲነሳ ብዙ ድምፃውያን ነበሩበት። ዛሬ ግን የዚያ ዘመን የምሥራቅ ኦሮምኛ ዘፈን ሁሉ የአሊ ቢራ ስም ይለጠፍበታል። አንዱ ሰው ይጽፋል፣ ሌላው ይገለብጣል፣ ከዚያ እውነት ይመስላል።

አንድ ጊዜ ሦስት ፋይል ጥርጣሬ ገባኝና ስልኬ ላይ ጭኜ መጋላ ሰፈር ወደማውቃቸው አንዲት እናት ሄድኩ። በር ላይ ተቀምጠው ቡና እያፈሉ ነበር። ስልኩን ጆሯቸው አጠገብ አደረግሁ። የመጀመሪያውን ሰምተው ዝም አሉ፤ ሁለተኛው ላይ ማንኪያውን አስቀመጡና፣ «ልጄ፣ ይሄ አሊ አይደለም። አሊ ቃሉን እንዲህ አይጎትትም» አሉኝ። የማን እንደሆነ ግን ስሙ አልመጣላቸውም። እኔም «ያልታወቀ» ብዬ ጻፍኩ፣ ማስታወሻው ላይ ማን እንደሰጠኝና ማን እንደሰማው ጨመርኩ። እንደዚያ አድርጉ። ካላወቃችሁ አትገምቱ፤ ባዶ መስክ ነገ ይሞላል፣ የተሳሳተ ስም ግን ወደ ሌላ ሰው ፍላሽ ይሻገራል።

ፒካርድ የሚባለው ፕሮግራም ዘፈኑን በድምፁ አሻራ ለይቶ ስም ይሰጣል። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ በፈረንጆች ከ1997 ጀምሮ በፈረንሳይ ባወጣቸው፣ ኢትዮፒክስ በሚባሉት የድሮ የኢትዮጵያ ሙዚቃ ሲዲዎች ላይ ያሉትን ብዙውን ጊዜ ያገኛቸዋል። ለካሴት ዘመኑ ኦሮምኛ፣ ሶማልኛና ሐረሪኛ ግን እምብዛም አይረዳም። ፍጥነቱ የተዛባ ቅጂም አሻራው ይጠፋበታል። ያቀረበውን ስም ሳትሰሙ «እሺ» አትበሉት።

ፊደሉ ተበላሽቶ ይታያል

«ተበላሸ» ብቻ አትበሉኝ፤ አበላሸቱን አይታችሁ ንገሩኝ፣ ምክንያቱም አራት ዓይነት ነው።

ባዶ አራት ማዕዘን ሳጥን ከሆነ ጽሑፉ ደህና ነው፤ ማጫወቻው የአማርኛ ፊደል የለውም። ታጉን አትንኩት! ይህን ባለማወቅ ስንቱ ደህናውን ስም አጠፋ።

ጭረት ባለባት የላቲን «ኤ» ፊደል እየጀመረ ሦስት ሦስት ምልክት የሚደጋግም ከሆነ፣ ጽሑፉ ዩቲኤፍ-8 በሚባለው የኮምፒውተር ፊደል ኮድ ተጽፎ እንደ ላቲን እየተነበበ ነው። በዩቲኤፍ-8 አንዱ ፊደላችን ሦስት ባይት ስለሚይዝ ነው ሦስት ሦስት የሚሆነው። ይህ ይድናል። በታግ ማረሚያው የኮድፔጅ መቀየሪያ ወደ ዩቲኤፍ-8 መልሱት፣ ከዚያ አይዲስሪ በሚባለው የታግ ዓይነት፣ በቨርዥን 2.3 እና በዩቲኤፍ-16 ሴቭ አድርጉት፤ አሮጌ ማጫወቻዎች ከሁሉ ይልቅ የሚቀበሉት እሱን ነው።

የጥያቄ ምልክት ብቻ ከሆነ ፊደሉ ጠፍቷል፣ አይመለስም። የፋይሉ ስም ትክክል ከሆነ ፕሮግራሙ ከፋይል ስም ወደ ታግ እንዲገለብጥ እዘዙት፤ ካልሆነ በእጅ ይጻፋል።

ሥርዓት የሌለው የላቲን ፊደልና ምልክት ድብልቅ ከሆነ ደግሞ በድሮዎቹ የአማርኛ ፎንቶች የተጻፈ ነው። ፊደላችን ዩኒኮድ በሚባለው የዓለም አቀፍ ፊደል ኮድ ውስጥ የገባው በፈረንጆች 1999 ነው፤ ከዚያ በፊት፣ በኋላም ለብዙ ጊዜ፣ ሰው የሚጽፈው የላቲኑን ቦታ በተበደሩ ፎንቶች ነበር። ያንን ፎንት ፈልጋችሁ ጫኑ፣ ጽሑፉን በእሱ አንብቡ፣ በዩኒኮድ መልሳችሁ ጻፉት።

አርእስቱ አሥር ፊደል ላይ የሚቆረጥ ከሆነ አሮጌው አይዲስሪ 1 ነው፤ ለአርእስት 30 ባይት ብቻ ነው ያለው፣ ለሦስት ሲካፈል አሥር። ወደ 2.3 ቀይሩት።

ፍላሹ 64 ጊጋ ይላል፣ ዘፈኑ ግን ይቆራረጣል

የዘፈኖቹ ስም ሁሉ ይታያል፤ የመጀመሪያዎቹ ይጫወታሉ፤ ከዚያ በኋላ ያለው ጸጥ ይላል ወይም የሌላ ዘፈን ቁራጭ ያሰማል። ፍላሹ ውሸታም ነው። ውስጡ 8 ጊጋ ሆኖ 64 ነኝ እንዲል ተደርጎ የተሠራ ነው። ከአቅሙ በላይ ስትጽፉበት ስሙን ይመዘግባል፣ ድምፁን ይጥለዋል። አንድ ወንድም የእህቱን ሰርግ ዘፈን በእንዲህ ያለ ፍላሽ ይዞ ሄዶ፣ ሙሽራዋ ስትገባ ስፒከሩ ዝም አለ። ሰው ሁሉ ቆሞ ይጠብቃል። ማታውኑ እየሮጠ መጣ፤ ኮምፒውተሬ ላይ ቅጂው ስለነበረ ነው የተረፈው።

ዘፈን ከመጫናችሁ በፊት ኤችቱቴስትደብልዩ በሚባለው ፕሮግራም ፈትኑት። ሙሉውን ጽፎ መልሶ ያነባል፤ ሰዓታት ይፈጃል፣ ይፍጅ። ፈተናውን ካላለፈ ፍላሽ ጋር አትታገሉ፣ ሻጩን ገንዘባችሁን ጠይቁ። በርካሽ ተገኘ ብላችሁ የአሥር ዓመት ልፋት አታስቀምጡበት። አንድ ብቻ ቅጂ አይኑራችሁ። ዘፈን እየተጫወተ ፍላሽ አትንቀሉ። በቀትር የድሬ ፀሐይ የባጃጅ መስታወት ሥር አትተዉት።

የመኪናው ቴፕ አያነበውም

ፍላሹን ፋት32 በሚባለው ዓይነት ፎርማት አድርጉት። የዊንዶውሱ የፎርማት መስኮት ከ32 ጊጋ በላይ ላለው ይህን አማራጭ በአብዛኛው አያሳይም፤ ሩፎስ የሚባለው ፕሮግራም ያደርገዋል። ቅደም ተከተሉ ከተዛባ፣ ብዙ የመኪና ቴፕ የሚጫወተው በፊደል ተራ ሳይሆን ኮፒ በተደረገበት ተራ ነው፤ ፋትሶርት የሚባለው ፕሮግራም ያስተካክለዋል። ለመኪና ራሱን የቻለ ቅጂ አዘጋጁ፣ ስሙ በላቲን፣ ፊቱ ላይ ቁጥር ያለው። ዋናውን ክምችት ለመኪና ብላችሁ አታበላሹት።

«320» የተባለው ዘፈን የደበዘዘ ድምፅ አለው

አንድ ሰው 128ቱን ወደ 320 ቀይሮታል። ፋይሉ ወፈረ እንጂ የተጣለው ድምፅ አልተመለሰም። ድምፁን በሥዕል በሚያሳየው ስፔክ በሚባለው ፕሮግራም ክፈቱት፤ 16 ኪሎኸርዝ ላይ በቢላ እንደተቆረጠ ቀጥ ብሎ ካለቀ 128 ነበር ማለት ነው። ከካሴት የተገለበጠ ከሆነ ግን አትቸኩሉ፤ ካሴት ራሱ ከላይ እየሳሳ ስለሚሄድ ጠርዙ እንደ ጭስ ይበተናል። ቀጥ ያለውን ቢላ ነው የምትፈልጉት። መፍትሄው ሌላ ቅጂ መፈለግ ብቻ ነው። እናንተም ደግማችሁ አትለውጡት፤ በተለወጠ ቁጥር ይጎድላል።

ዓመተ ምሕረቱ ተምታቷል

የካሴት ሽፋን ላይ ያለው 1985 በፈረንጅ 1992 ወይም 93 ነው። አንዱን አቆጣጠር ምረጡና ማስታወሻ ላይ የትኛው እንደሆነ ጻፉ።

ዘፋኙ ድምፁ ቀጥኗል፣ ዘፈኑ ይሮጣል

ቴፕሪኮርደሩ ፍጥነቱ ተዛብቶ ነው የተገለበጠው። የካሴት ክር በሴኮንድ 4.76 ሳንቲ ሜትር መሄድ አለበት፤ 6 በመቶ ቢፈጥን ዘፈኑ በሙሉ ግማሽ ድምፅ ከፍ ይላል፣ ወንዱ ልጅ ይመስላል። የገለበጠው ሰው ፍጥነቱን ፈትሾ ቢሆን ኖሮ!

በጆሮ መገመት ያሳስታል። የኔ ዘዴ ይሄ ነው፦ የኢትዮጵያ መብራት 50 ኸርዝ ነው፤ ድሮ ሲቀዳ የመብራቱ እምም የሚል ድምፅ ክሩ ላይ አብሮ ገብቷል። ኦዳሲቲ በሚባለው የድምፅ ማረሚያ ፕሮግራም ላይ ዘፈኑ ከመጀመሩ በፊት ያለውን ጸጥታ፣ ቢያንስ ሁለት ሴኮንድ፣ ምረጡና «ፕሎት ስፔክትረም»ን ክፈቱ፤ ሳይዙን 65536 አድርጉ። ጉብታው 50 ላይ ሳይሆን 53 ላይ ከወጣ ክሩ ፈጥኗል፤ 50ን ለ53 ስታካፍሉ 0.943 ይመጣል፣ ፍጥነቱን በዚያ አባዙት። ሁለት ጉብታ ካያችሁ ልክ 50 ላይ ያለው ኮምፒውተር ላይ ሲገለበጥ የገባ ነው፤ የምትለኩት ሌላኛውን ነው። 50ው ደካማ ከሆነ 100 አካባቢ ፈልጉ፣ ብዙ ጊዜ እሱ ይጎላል። አሜሪካ የተቀዳ ከሆነ መነሻው 60 ነው።

የቶን ብቻ መቀየሪያውን ሳይሆን ፍጥነትን ከነቶኑ የሚቀይረውን ተጠቀሙ። የታረመውን ድምፅ በማይጎድልበት የፋይል ዓይነት፣ በፍላክ አስቀምጡ፣ ያልታረመውን አትሰርዙ፤ ስንት እንዳባዛችሁ ማስታወሻው ላይ ጻፉ። አንዱ ጆሮ የታፈነ ከሆነ ደግሞ የጠራውን ወገን ብቻ ወስዳችሁ ሞኖ አድርጉት። ካሴቱ በእጃችሁ ካለ ግን በፕሮግራም አትድከሙ፤ ክሩን የሚያነበውን ክፍል (ሄድ የሚባለውን) በአልኮል ጠርጋችሁ፣ አጠገቡ ያለችውን ትንሽ ብሎን ቀጭኑ ድምፅ ጥርት እስኪል ድረስ በቀስታ አዙራችሁ እንደገና ገልብጡት።